«ፍቅረኛዬን ቤተሰቦቿ ዘግተውባታል» ላልከኝ ልጅ

ሰሞኑን አንድ ወጣት ደወለልኝ። «ጋሼ፣ ፍቅረኛዬን ቤተሰቦቿ ቤት ዘግተውባታል፤ ስልኳንም ነጥቀዋታል። አካል ነፃ ማውጣት ጠይቀን ልናመጣት እንችላለን?» አለኝ። አካል ነፃ ማውጣት ማለት ከሕግ ውጪ የተያዘ ሰው እንዲለቀቅ ፍርድ ቤትን መጠየቅ ነው። ትችላለህም አትችልምም ሳልለው ስልኩን ዘጋሁት። ጥያቄው የቆየ ቁጭት ቀሰቀሰብኝ።

ሐዋሳ የደቡብ ክልል መቀመጫ በነበረችበት ዘመን ነው። እንዳንተ ያለ ጎረምሳ የጥብቅና ቢሮዬ መጣ። ልጅቷ 20 ዓመቷ ነው፤ አባቷ ጓዳ አስገብቶ ቁልፉን ኪሱ ከቶታል። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 177 የተያዘው ሰው ራሱ ቃለ መሃላ ማቅረብ ካልቻለ ሌላ ሰው እንዲያቀርብለት ይፈቅዳል፤ ያልቻለበት ምክንያት ግን መገለጽ አለበት። ልጁ ማለ፦ ማን እንደያዛት፣ የት እንደያዛት፣ ማን እንደሚመሰክር። ከፍተኛ ፍርድ ቤቱም አባትየው ልጅቷን ይዞ ቀርቦ ምክንያቱን እንዲያስረዳ መጥሪያ ላከ።

በቤት ነጠላ ጫማ ነው ያመጧት፤ የአንዱ ማሰሪያ ተበጥሶ በሽቦ ተጠግኗል። አባትየው ክንዷን እንደያዘ ሊቆም ሲል ዳኛዋ «ይልቀቋት፤ እርስዎ ከኋላ ይቀመጡ» አሉት። ከዚያ ወደሷ ዞረው «ልጄ፣ ከማን ጋር መሄድ ነው የምትፈልጊው?» ሲሏት የኔው ደንበኛ ከወንበሩ ብድግ ሊል ምንም አልቀረውም።

«ከማንም ጋር» አለች። «አባቴ እኔ ያመጣሁልሽን አግቢ ይለኛል፤ እሱ ደግሞ እኔን አግቢኝ ይለኛል። እኔ መማር ነው የምፈልገው።»

ከኋላ አንድ ባለጉዳይ ሳቀ፤ ዳኛዋ ገሠጹት። ነፃ ናት፣ ወደፈለገችበት ትሂድ ተብሎ መዝገቡ ተዘጋ። ልጁ «ይህን ሁሉ ለፍቼ!» እያለ ተቆጥቶ ሄደ። እሷ ግን በሩ ላይ ቆማ «ጋሼ፣ ታዲያ ዛሬ የት ልደር?» አለችኝ። ሕጉ እስከዚያ አይደርስም። ጥቂት ቆይቶ እናቷ እያለቀሰች መጥታ ወሰደቻት፤ እዚያው ቤት። ጓዳው ዳግም ይቆለፍ አይቆለፍ አልሰማሁም።

እናም ልጄ፣ ከማመልከቻው በፊት ማደሪያ ይፈለግላት። አክስት ትኑር፣ ጓደኛ ትኑር፤ ከጠፋ የሴቶችና ሕፃናት ቢሮን ጠይቁ። የዘንድሮ ልጆች ስክሪንሾት አሳትማችሁ «እወድሃለሁ ብላ ጽፋልኛለች» እያላችሁ ትመጣላችሁ። ችሎቱ የሚመረምረው ማንን እንደምትወድ አይደለም፤ ከሕግ ውጪ ተይዛለች ወይስ አልተያዘችም ነው። ተይዛ ከሆነ ትለቀቃለች እንጂ ላንተ አትሰጥም። ደግሞ 18 ካልሞላት ነገሩ ሌላ ነው፤ ራስህ ተከሳሽ ሆነህ እንዳትቀርብ።

በነገራችን ላይ፣ ልጅነቴን ሳስብ የናንተ ዘመን ይሻላል። በ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጠላፊ የጠለፋትን ካገባት ከቅጣት ያመልጥ ነበር። የ1996ቱ ነው ይህን ያስቀረው። ሕገ መንግሥቱም አንቀጽ 34 ላይ ጋብቻ በተጋቢዎቹ ነፃና ሙሉ ፈቃድ ብቻ እንደሚመሠረት ይላል። ይህን የማያውቅ አባት ዛሬም ሞልቷል፤ እያወቀ የሚቆልፍም አለ።

ሽማግሌ ላክ አልልህም። በር ለተቆለፈባት ልጅ ሽማግሌ ማለት ቀጠሮ ማብዛት ነው። እኔ ራሴ ግን በሽማግሌ ነው ያገባሁት፤ አማቼ ደጋግመው መልሰዋቸው። ያችን ልጅ ሳስብም፣ ከመጥሪያው በፊት ደህና ሽማግሌ ለአባትየው «ልጅቷ ትማር» ብሎት ቢሆን ኖሮ ይሻል ነበር እላለሁ። እንግዲህ አንተው መዝነው።

ስትደውል ዕድሜዋንም፣ ትማር አትማርም አልነገርከኝም። በእህቷም ይሁን በጓደኛዋ በኩል እሷ ምን እንደምትል አስጠይቅ። የልደት ካርዷን ወይም መታወቂያዋን ኮፒ ፈልግ፣ በር ሲቆለፍባት ያየ ጎረቤት ካለም ስሙን ያዝ፤ ከዚያ መልሰህ ደውልልኝ።