ጣና ዳር የተጠየቁ ጥያቄዎች፦ አብዮት የት ላይ ይቆማል?

ባለፈው ቅዳሜ ከሰዓት ጣና ዳር፣ ዛፍ ሥር ሻይ ይዘን ስለ ቋሚ አብዮት ስንጨዋወት ዋልን። ሲመሽ ብዙ ጥያቄ በብጣሽ ወረቀት ተጽፎ እጄ ላይ ቀረ። አንዱንም መጣል አልሆነልኝም፤ እነሆ መልሴ። "ዓ.ም." ካላልኩ በስተቀር ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጋሼ፣ ቋሚ አብዮት ማለት ሁልጊዜ ሰልፍና ተኩስ ማለት ነው?

አይደለም። ያሳሳተን ስሙ ነው። እኔ "ያላቋረጠ አብዮት" የሚለውን እመርጣለሁ። ሕዝብ ንጉሥ ወይም ባላባት ለመጣል ከተነሣ፣ ግማሽ መንገድ ላይ "በቃ፣ የቀረውን ለባለሀብቶቹ ተዉት" ተብሎ ወደ ቤቱ መመለስ የለበትም ነው ነገሩ። ማርክስና ኤንግልስ በመጋቢት 1850 ለኮሚኒስቶች ሊግ በጻፉት መልእክት የሠራተኛው መፈክር ይኸው ይሁን አሉ። የጀርመን ሊበራሎች በ1848 ከሕዝቡ ጋር ተነሥተው ኋላ ከነገሥታቱ ጋር ሲታረቁ አይተዋላ።

ታዲያ ለምን በሩሲያዊው አብዮተኛ በትሮትስኪ ስም ይጠራል?

አብጠርጥሮ ያዳበረው እሱ ስለሆነ። በ1905 ከፒተርስበርግ ሶቪየት፣ ማለትም ከሠራተኞች ምክር ቤት፣ መሪዎች አንዱ ነበር። ተያዘ፤ እስር ቤት ሆኖም ሐሳቡን በ"ውጤቶችና ተስፋዎች" ጻፈው።

ያኔ ሩሲያ ውስጥ ሦስት መልስ ነበር። ሜንሼቪኮች፣ ለዘብተኞቹ ሶሻሊስቶች፣ "አገራችን ኋላ ቀር ናት፤ ተራው የከበርቴው ነው፣ ሠራተኛው ይደግፍ" አሉ። የቦልሼቪኮች መሪ ሌኒን "ከበርቴው ፈሪ ነው፤ ሠራተኛና ገበሬ አብረው ሥልጣን ይያዙ፣ አብዮቱ ግን ለጊዜው ከዴሞክራሲያዊ ወሰኑ አይለፍ" አለ። ወሰኑ ንጉሡን መጣል፣ መሬት ማከፋፈል ነው፤ የባለሀብቱን ንብረት መንካት አይደለም። ትሮትስኪ ደግሞ "ሠራተኛው ሥልጣን ከያዘ እዚያ ወሰን ላይ መቆም አይችልም" አለ።

ምክንያቱን ልብ በሉልኝ። የሠራተኛ መንግሥት የ8 ሰዓት ሥራ አወጀ እንበል። ባለፋብሪካው አኩርፎ በሩን ዘጋ። መንግሥቱ ምን ያድርግ? ወይ ይንበረከካል፣ ወይ ፋብሪካውን ወስዶ ያስከፍታል። ያስከፈተ ቀን ወሰኑን አለፈ ማለት ነው፤ ይህ የማንም ምኞት ሳይሆን የሥልጣኑ ጠባይ የሚያመጣው ነው። ለእኔ ከክርክሩ ሁሉ ጠንካራው ነጥብ ይህ ነው።

አባቴ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ነው የሠራ። መኸር ሲደርስ ግን ፈቃድ ለምኖ አገር ቤት ለአጨዳ ይሄድ ነበር። እንዲህ ያለ አገር ውስጥ የሠራተኛ አብዮት ምን ማለት ነው?

እህቴ፣ ጥያቄሽ ልቤን ነካው። ትሮትስኪ የተነሣው ከዚሁ ነው። ኋላ ቀር አገር የቀደሙትን ዳና እየተከተለ አያድግም፤ አዲሱንና ጥንታዊውን ባንድ ላይ ይይዛል አለ።

የባሕር ዳርን ፋብሪካ ተመልከቺ። በ1961 ከጣሊያን የጦር ካሳ ጋር ተያይዞ ተተከለ። ማሽኑ በጊዜው ዘመናዊ ነው። እዚያው ሐይቁ ላይ ደግሞ ከዘጌ ማገዶ የጫነ ታንኳ ይመጣል፤ ደንገል በልጥ ታስሮ የተሠራ፣ ውኃ ሲጠጣ የሚከብድ፣ ዳር ወጥቶ ፀሐይ ላይ የሚደርቅ። ማሽኑና ታንኳው የአንድ ዘመን ናቸው። አባትሽ ደግሞ በአንድ ዓመት ውስጥ ሁለቱንም ዓለም ኖሯል። የሩሲያ ሠራተኛም እንዲሁ ነበር፤ አንድ እግሩ ትልቅ ፋብሪካ ውስጥ፣ አንድ እግሩ መንደሩ። በቁጥር ትንሽ ነው፤ ግን ባንድ ቦታ የተከማቸ ስለሆነ አቅሙ ከቁጥሩ ይበልጣል።

ስታሊን ለምን ተቃወመው?

በ1917ቱ አብዮት ሥልጣን የያዘው የሌኒን ፓርቲ ነው፤ ሌኒን በጥር 1924 ሞተ። የጀርመን አብዮት ከወራት በፊት ከሽፏል፤ ሕዝቡ ደክሟል። በዚያው ዓመት መጀመሪያ ላይ ስታሊን ራሱ "የሶሻሊዝም የመጨረሻ ድል ባንድ አገር ጥረት ብቻ አይገኝም" ብሎ ጽፎ ነበር። በታኅሣሥ ግን "ሶሻሊዝም ባንድ አገር" የሚለውን አመጣ። በወራት ልዩነት! ትሮትስኪ አብዮቱ ድንበር ካልተሻገረ ይታፈናል ባይ ነበር። ክርክሩ የሐሳብ ብቻ አልነበረም፤ ማን ፓርቲውን ይይዛል የሚለው አብሮ ነበር። ትሮትስኪ በ1927 ከፓርቲው ተባረረ፣ በ1929 ከአገር እንዲወጣ ተደረገ፣ በ1940 ሜክሲኮ ውስጥ ተገደለ።

የቻይናው መሪ ማኦስ? እሱም "ያላቋረጠ አብዮት" ብሏል አሉ።

ብሏል፣ በ1958። ነገር ግን የትሮትስኪ አይደለም ብሎ ራሱ ለይቶታል። የማኦ ትኩረት ሥልጣን ከተያዘ በኋላ ነው፦ ፓርቲው ውስጥ አዲስ ገዢ ይበቅላል፣ ስለዚህ ትግሉ ይቀጥል። በ1966 ወደ ባህል አብዮት ያመራው ይህ አስተሳሰብ ነው። ፍርሃቱ እውነት ነበረው። መድኃኒቱ ግን ከላይ ታዞ የመጣ ነበርና ብዙ ሕዝብ ፈጀ።

ትሮትስኪ ገበሬን ይንቃል የሚሉት እውነት ነው?

ንቀት አልነበረም። መሬት ካልተሰጠው አብዮቱ እንደማይጸና ያውቃል። ያለው "ገበሬ ለብቻው አይመራም፤ ወይ ከሠራተኛው ወይ ከከበርቴው ጋር ይሄዳል" ነው። እዚህ ላይ ታሪክ አስቸግሮታል። በ1949 ቻይና ውስጥ ያሸነፈው በገበሬ የተሞላ ጦር ነው፤ የከተማው ሠራተኛ ዳር ቆሞ ነበር። ቶኒ ክሊፍ የተባለ የእሱው ተከታይ በ1963 "ሠራተኛው ካልመራ አብዮቱ ይካሄዳል፣ ግን ሌላ ቦይ ይዞ ይፈስሳል" ብሎ ለመጠገን ሞከረ። ጥሩ ጥገና ነው፤ ቀዳዳውን ግን ሙሉ በሙሉ አልደፈነውም።

የእኛስ አገር ክርክር?

እኛ ዘንድ የገባው በሌላ ስም ነው። የደርግ የየካቲት 1967 ዓ.ም. አዋጅ የገጠርን መሬት የሕዝብ አደረገ፤ ለአንድ ቤተሰብ ጣሪያው 10 ሄክታር። ጭሰኛው ዕዳ የለብህም ተባለ። ከዚያስ? ሁለቱ የግራ ፓርቲዎች ተለያዩ። ኢሕአፓ "ጊዜያዊ ሕዝባዊ መንግሥት አሁኑኑ" አለ። መኢሶን ለደርግ "ሂሳዊ ድጋፍ" አለ። በ1968 ዓ.ም. የአዲስ ዘመን ጋዜጣ ገጾች በዚህ ሙግት ተሞሉ። በሚያዝያም የብሔራዊ ዴሞክራሲያዊ አብዮት ፕሮግራም ታወጀ፤ ይህ ደግሞ የደረጃ በደረጃ መንገድ ነው፤ መጀመሪያ ዴሞክራሲያዊው አብዮት፣ ሶሻሊዝም ኋላ። ሁሉም ማርክስን ይጠቅሳል፤ ጥያቄው ያው የ1905ቱ ነበር፦ ማን ይመራል?

አጎቴ የዚያን ጊዜ ደብተሩን በወተት ቆርቆሮ አድርጎ ጓሮ ቀብሮት ነበር። ከ1983 ዓ.ም. በኋላ አወጣነው። ዳርና ዳሩን እርጥበት በልቶታል። አንዱ ገጽ ላይ "ወዝ አደር" ብሎ ጽፎ ሰርዞታል፤ ከላዩ "ላብ አደር" አለ፤ እሱንም ሰርዞ እንደገና "ወዝ አደር"። ሁለቱም የሠራተኛው መደብ መጠሪያ ናቸው። አንድ ቃል ለማቅናት ይህን ያህል የተጨነቁ ልጆች በጥይት መፈላለጋቸው እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ከየት ልጀምር?

ከ1850ው መልእክት፤ አጭር ነው፣ ባንድ ማታ ያልቃል። ቀጥሎ የ1906ቱን የትሮትስኪ ጽሑፍ፣ "ውጤቶችና ተስፋዎች"ን። ሦስተኛ የስታሊንን የ1924 ሁለቱን ቃሎች ጎን ለጎን። ቅዳሜ ኮፒውን ይዤ እመጣለሁ፤ የምትመጡት ስንት እንደሆናችሁ ብቻ ቀድማችሁ ንገሩኝ።