«ቶኒ አዳምስም ይጠጣ ነበር» ለሚለው ወንድም

የአንባቢያን ጥያቄ፤ የኳስ ገጽ

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ጤና ይስጥልኝ። የምጽፍልዎ ከኮምቦልቻ ነው። ታላቅ ወንድሜ በከተማችን ቡድን ውስጥ የመሃል ተከላካይ ነው፤ ዕድሜው 23 ነው። ሲጫወት ሰው ሁሉ ይወደዋል። ችግሩ መጠጥ ነው። ቅዳሜ አረቄ ቤት ያመሻል፣ እሁድ ጠዋት ዓይኑ ደም ለብሶ ሜዳ ይገባል። እናታችን ብትቆጣው፣ እኔ ብለምነው መልሱ አንድ ነው፦ «ቶኒ አዳምስም ይጠጣ ነበር፤ የአርሴናል አምበል ሆኖ ዋንጫ በዋንጫ ሆኗል።» እኔ ኳስ ብዙም አላውቅም። እውነት ነው? እውነት ከሆነስ ምን ልበለው?

መልስ፦ የኔ ልጅ፣ የሚያናድድሽን አስቀድሜ ልንገርሽ፤ ወንድምሽ አልዋሸም። አዳምስ ይጠጣ ነበር፤ እንዲያውም «ይጠጣ ነበር» ያንሰዋል። ስካሩ ሳይለቀው የተጫወተበት ጨዋታ እንዳለ ራሱ ጽፏል። በዚያ ዘመን የአርሴናል ተጫዋቾች ረቡዕ ዕረፍት ስለነበራቸው ማክሰኞን የመጠጥ ቀን አድርገውት፣ ማኅበራቸውን «የማክሰኞ ክለብ» ይሉት ነበር። የእኛ ሰው እዚያ ከፊት ነው። ስለዚህ «ውሸትህን ነው» ብለሽ እንዳትጀምሪ። ኳስ የሚያውቅ ልጅ ነው፣ እዚያው ይረታሻል። የያዘው ግን ግማሹን ወሬ ነው፤ የቀረውን እኔ ልንገርሽና አንቺ አድርሺለት። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው። ኳስ ወዳድ በእኛ አቆጣጠር ሲነገረው ይደናገራል።)

አዳምስ በ1966 ለንደን ዳር ሮምፎርድ ተወለደ፤ ዳገናም አደገ። በ1983 ከሰንደርላንድ ጋር ለዋናው ቡድን ሲሰለፍ 17ኛ ዓመቱን ካከበረ አንድ ወር እንኳ አልሞላውም። 21 ዓመቱ ላይ አምበል አደረጉት። በ2002 ጫማውን እስኪሰቅል፣ 14 ዓመት ሙሉ፣ ያችን የክንድ ጨርቅ ለሌላ አላስረከበም። 669 ጨዋታ፣ አንድ ክለብ።

ምን ዓይነት ተከላካይ ነበር ብትይኝ፣ በእግሩ ሳይሆን በእጁና በድምፁ የሚከላከል እልሻለሁ። የድሮ ፎቶውን ብትፈልጊ አንድ እጁ ሰማይ ላይ ነው። በስተቀኝ ሊ ዲክሰን፣ መሃል ላይ አዳምስና ስቲቭ ቦልድ ወይም ማርቲን ኪዮን፣ በስተግራ ናይጄል ዊንተርበርን፣ በረኛው ዴቪድ ሲማን። አሰልጣኙ ጆርጅ ግራሃም አራቱን ተከላካዮች ገመድ አስይዞ ያለማምዳቸው ነበር ይባላል፤ አንዱ ሲራመድ ሁሉም እንዲራመድ። ተጋጣሚ ኳሷን ወደፊት ሊለቅ ሲል አዳምስ ይጮኻል፣ አራቱም ባንዴ አንድ እርምጃ ይወጣሉ፣ አጥቂው ከኋላቸው ብቻውን ይቀራል፣ እጅ ይነሳል፣ የመስመር ዳኛው ባንዲራም ይከተላል፤ ኳሷ ስትለቀቅ ከተከላካዮቹ አልፎ የቆመ አጥቂ «ከጨዋታ ውጪ» ነውና አይቆጠርለትም። ያን ጊዜ ሕጉም ያግዛቸው ነበር። እስከ 1990 ድረስ ከተከላካዩ እኩል የቆመ አጥቂ እንኳ ከጨዋታ ውጪ ይባል ነበር። ሕጉ ከተለወጠ በኋላም ቢሆን በ1990-91 በ38 የሊግ ጨዋታ የገባባቸው ጎል 18 ብቻ ነው።

ይህ ነገር ጭንቅላት እንደሚፈልግ የማውቀው በመጽሐፍ አይደለም። በወጣትነቴ ደሴ ውስጥ የሰፈራችን ቡድን ቀኝ ተመላላሽ ነበርኩ። የአርሴናልን ጨዋታ ቪዲዮ ቤት አይተን መጣንና እኛም እንደነሱ በመስመር እንውጣ ተባባልን። ሳምንቱን ሙሉ ተለማመድን፤ ሠራ። የጨዋታው ዋዜማ ማታ ግን እኔ ጠጅ ቤት አመሸሁ። በማግስቱ ኳሷ ስትለቀቅ እጄን ሰማይ አደረስኩት፤ ዳኛውንም ጮኽኩበት። አጥቂው ሄዶ አገባ። ዞር ብዬ ሳይ ሦስቱ ጓደኞቼ ወጥተዋል። እጁን አንስቶ እዚያው ተተክሎ የቀረው፣ አጥቂውንም ሕጋዊ ያደረገው እኔ ነኝ! እግሬ አልዘገየም እኮ፤ ጩኸቱ ጆሮዬ ውስጥ ገብቶ ትርጉሙ እስኪገባኝ ነው የዘገየሁት። በረኛችን ዛሬ ሽበት በሽበት ሆኗል፤ ፒያሳ ሲያገኘኝ እስካሁን አንድ እጁን አንስቶ ነው ሰላም የሚለኝ።

ወደ አዳምስ። በሜይ 1990 ሰክሮ መኪና ሲነዳ ከግድግዳ ጋር ተላተመ። ደሙ ውስጥ የተገኘው አልኮል ከተፈቀደው ከአራት እጥፍ በላይ ነበር። ከገና በፊት ፍርድ ቤት ቀርቦ አራት ወር ተፈረደበት፤ ግማሹን ቼልምስፎርድ ወህኒ ቤት ታስሮ በፌብሩዋሪ ወጣ። አሁን ይህን ለወንድምሽ ንገሪው፦ በዚያ የውድድር ዘመን አርሴናል በሊጉ የተሸነፈው አንዴ ብቻ ነው፤ በቼልሲ። ያን ቀን አምበሉ ሜዳ ላይ አልነበረም፤ እስር ቤት ነበር።

አንድ ነገር ደግሞ አስቢ። ግድግዳውን ሲገጭ ዕድሜው ስንት ነበር? 23።

«ቢሆንም ዋንጫ በላ» ይልሻል። አዎ፣ እሱን አትከራከሪው። በቁጥር ከሄዳችሁ የስካሩ ዘመን ይበልጣል፦ ሊጉ በ1989 እና በ1991፣ የሊግ ካፕ በ1987 እና በ1993፣ ኤፍኤ ካፕ በ1993፣ የአውሮፓ የዋንጫ አሸናፊዎች ዋንጫ በ1994። ስድስት ናቸው። መጠጥ ካቆመ በኋላ ያገኛቸው አራት ናቸው፤ በ1998 እና በ2002 ሊጉንና ኤፍኤ ካፕን ደርቦ። ስድስቱን ያገኘው ግን ከ20 እስከ 27 ባለው ዕድሜው ነው፤ ያኔ ሰውነት ብድር ይሰጣል። በ1993 ምሽት ክበብ ደረጃ ላይ ወድቆ ግንባሩ 29 ቦታ ተሰፍቷል። በ1996 መጀመሪያ ደግሞ ጉልበቱን ታሞ ወራት ከሜዳ ራቀ። እንደዚያ እየተጠገነ ነው እንግሊዝን በአምበልነት ይዞ አገሩ ላይ ለተዘጋጀው የአውሮፓ ዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ የደረሰው። ጀርመኖች በመለያ ምት ሲያሸንፏቸው ለውድድሩ ሲል ገታ ያደረገውን መጠጥ ፈታው፤ ሰባት ሳምንት ያህል ጠጣ።

ከዚያ ኦገስት 16 ቀን 1996 መጣ። የመጨረሻው ብርጭቆ ያን ቀን ነው። እዚህ ላይ የኛ አገር የአርሴናል ደጋፊ ሁሉ የሚሳሳተውን ላርም፦ «ቬንገር መጥቶ መጠጥ አስቆመው» ይላሉ። አሰልጣኙ አርሴን ቬንገር አርሴናል ውስጥ ሥራ የጀመረው በኦክቶበር ነው፤ አዳምስ ካቆመ ከስድስት ሳምንት በኋላ። በሴፕቴምበርም ለጓደኞቹ፣ ከዚያም ለጋዜጠኞች «የአልኮል ሱሰኛ ነኝ» ብሎ ተናግሮ ጨርሷል። ከእሱ በፊት የቡድን ጓደኛው ፖል መርሰን በ1994 በአደባባይ ስለ ሱሱ ተናግሮ መንገዱን አሳይቶታል። ቬንገር የተቀቀለ ዶሮውንና አትክልቱን ይዞ ሲመጣ ያገኘው የሚሰማ ጆሮ ነው። ውለታው ትልቅ ነው፤ ግን ሰውየው ቀድሞ ተነስቷል። ከአራት ዓመት በኋላም አዳምስ በሱስ ለተያዙ ስፖርተኞች «ስፖርቲንግ ቻንስ» የሚባል ማገገሚያ አቋቋመ።

አሁን ወንድምሽ ጋ። በሰከረበት ሰዓት አትናገሪው፤ ሰኞ ወይ ማክሰኞ ሜዳ ዳር ያዢው። ጠዋት ሳይጠጣ እጁ ይንቀጠቀጥ እንደሆነም ልብ በይ። የሚንቀጠቀጥ ከሆነ «ዛሬውኑ ተው» አትበዪው፤ ብዙ የሚጠጣ ሰው ባንዴ ሲያቆም እስከመንፈራገጥ የሚያደርስ አደጋ አለውና በሐኪም እጅ ነው የሚቆመው። ደሴም አዲስ አበባም የአእምሮ ሕክምና ክፍል ያለው ሆስፒታል አለ፤ ሱስ የእነሱ ሥራ ነው። እምቢ ካለ የስልክ ቁጥሩን ላኪልኝ፤ እኔ እደውልለታለሁ። ስለ መጠጥ ሳይሆን ስለ መስመር አወጣጥ ነው የምጀምርለት።

ጥያቄ፦ እኔ የማንቼ ደጋፊ ነኝ። አርሴናሎች አዳምስን እንደ ታቦት ያከብሩታል፤ እንግሊዞች ራሳቸው ግን «አህያ» ይሉት አልነበር? ይህንን ለምን ትደብቁታላችሁ? (ከአዲስ አበባ፣ ጀሞ)

መልስ፦ ማን ደበቀ ወንድሜ? ነገሩ የደመቀው እንዲያውም በእናንተው ሜዳ ነው። በአፕሪል 1989 ኦልድ ትራፎርድ ላይ 1 ለ 1 ተለያያችሁ፤ ሁለቱንም ያገባው አዳምስ ነው፣ አንዱን ለአርሴናል አንዱን በራሱ መረብ ላይ። በማግስቱ አንድ ጋዜጣ ፎቶው ላይ የአህያ ጆሮ ሥሎበት ወጣ። ቀድሞም በ1988 የአውሮፓ ዋንጫ የሆላንዱ ቫን ባስተን እንግሊዝ ላይ ሦስት ሲያገባ እዳው ለእሱ ተርፎ ነበር። ከዚያ በኋላ በየሜዳው የአህያ ድምፅ ያሰሙበታል፣ ካሮት ይወረውሩበታል። ሁለት ወር ሳይሞላ፣ ሜይ 26፣ አንፊልድ ሄዶ ሊቨርፑልን በሁለት ጎል ልዩነት ማሸነፍ የነበረበት ቡድን 2 ለ 0 አሸንፎ ዋንጫውን ወሰደ፤ ሁለተኛዋ የማይክል ቶማስ ጎል የገባችው በባከነ ሰዓት ነው። ዋንጫውን ከፍ ያደረገው «አህያው» ነው።

ለአንተ ግን የምመርጥልህ ሜይ 3 ቀን 1998ን ነው። አርሴናል ኤቨርተንን በገዛ ሜዳው በሃይበሪ 3 ለ 0 እየመራ ነው፤ ካሸነፈ ሻምፒዮን ነው፣ አሥረኛ ተከታታይ ድሉም ነው። ሊያልቅ ደቂቃ ሲቀረው ተቀይሮ የገባው ቦልድ፣ እሱም ዕድሜ ልኩን ተከላካይ፣ መሃል ሜዳ ላይ ኳሷን በአየር ላይ አንስቶ ከኤቨርተን ተከላካዮች ጀርባ ጣላት። ማን ሮጠ? አዳምስ። በደረቱ አበረዳት፣ አንዴ ነጥራ ስትነሳ በግራ እግሩ ለጋት። በግራው! ከዚያ አልሮጠም፣ አልተንበረከከም፤ ሁለት እጁን ዘርግቶ ዓይኑን ወደ ሰማይ አድርጎ ቆመ። እኔ ያየሁት ከሳምንታት በኋላ ከለንደን በመጣ ካሴት ነው። የቪዲዮ ቤቱ ባለቤት ያችን ቦታ እየመለሰ ሲያሳየን ካሴቱ ተበልቶ ምስሉ መንሳፈፍ ጀመረ። በ2011 ከኤምሬትስ ስታዲየም ውጪ ያቆሙለት ሐውልት ያንኑ አቋቋም ነው፤ እጁ እንደተዘረጋ።

አንድ ልጨምርልህ፤ ሊፈርስ በነበረው በአሮጌው ዌምብሌይ ለእንግሊዝ የመጨረሻዋን ጎል ያገባውም እሱ ነው፤ በ2000፣ ዩክሬን ላይ።

ጥያቄ፦ እንደዚያ ዓይነት አምበል እንዴት ጥሩ አሰልጣኝ ሳይሆን ቀረ? (ከዱባይ)

መልስ፦ ዊኮምብ የሚባለውን የእንግሊዝ ክለብ ይዞ ወደ ታችኛው ሊግ ወረደ። ፖርትስማውዝን በኦክቶበር 2008 ተረክቦ በፌብሩዋሪ ተሰናበተ፤ በመሃሉ ከኤሲ ሚላን ጋር 2 ለ 2 የወጣባት አንድ ጥሩ ምሽት አለች። አዘርባጃን ድረስ ሄዶ ጋባላን አሠለጠነ። በ2017 ስፔን ግራናዳ ላይ ሰባት ጨዋታ መርቶ ሰባቱንም ተሸነፈ። እንዴት ብትለኝ የኔ ግምት ይህ ነው፦ ሜዳ ውስጥ ሆኖ «ውጡ» ብሎ ሲጮህ ራሱም አብሮ ይወጣ ነበር። ከመስመር ውጪ ቆሞ ሲጮህ ግን እግሩ የለበትም።

ጥያቄ፦ ለልጄ የልደት ስጦታ የአርሴናል 6 ቁጥር ማልያ ልገዛለት ነው። ጀርባው ላይ አዳምስ ላስጽፍ ወይስ ጋብሬል? (ከሐዋሳ)

መልስ፦ ቁጥሩ አዳምስ ካቆመ በኋላ ለዓመታት ማንም አልለበሰውም፤ በ2006 ሴንዴሮስ ወሰደው፣ ከዚያ ኮሼልኒ፣ አሁን ጋብሬል። ልጅህ ስንት ዓመቱ እንደሆነ አልነገርከኝም። ከአሥራ አምስት በታች ከሆነ ጋብሬል ካልሆነ ያለቅስብሃል። አታሚው በፊደል ቁጥር የሚያስከፍልህ ከሆነ ግን በፈረንጅ ፊደል አዳምስ አምስት ነው፣ ጋብሬል ሰባት።