እባብ አጥንቶ እንጀራ ይበላል ወይ?

ውድ እህቴ፣

ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ከጎንደር ወደ አሪዞና ከመጣሽ አራት ዓመት ሆኖሻል፤ አሁን ፊኒክስ ውስጥ የኮሚኒቲ ኮሌጅ ሁለተኛ ዓመት ተማሪ ነሽ። ባለፈው ነሐሴ ከጓደኞችሽ ጋር ተራራ ስትወጪ አንዲት ራትልስኔክ፣ ጅራቷ ላይ ቃጭል ያላት መርዘኛ እባብ፣ ከነልጆቿ ቋጥኝ ሥር ተጠቅልላ አየሽ፤ ከዚያ ቀን ወዲህ ልብሽ ሌላ ነገር ላይ አልረጋ አለ። እናትሽ ግን ነርስ እንድትሆኚ ይፈልጋሉ፤ «እባብ የተረገመ ነው፤ ደግሞስ እባብ አጥንቶ እንጀራ ይበላል ወይ?» ብለውሻል። ጥያቄያቸው የእናት ጥያቄ ነው፣ መመለስም አለበት።

አስቀድሜ ግን ስላየሽው ነገር ልናገር። እኛ ውለታ ቢሱን ሰው «የእፉኝት ልጅ» እንለዋለን። እፉኝት ስትወልድ ልጆቿ ሆዷን ቀደው ይወጣሉ፣ እሷም ትሞታለች እየተባልን ነው ያደግነው። ራትልስኔክ ከእፉኝት ወገን ናት፤ እንቁላል አትጥልም፣ ልጆቿን በሆዷ ይዛ ትወልዳለች። ወልዳ ግን አትሞትም። ልጆቿ የመጀመሪያ ቆዳቸውን እስኪገፉ ድረስ፣ ሳምንት ወይም ከዚያ ትንሽ ለሚበልጥ ጊዜ፣ አብራቸው ትቆያለች። ቋጥኙ ሥር ያየሽው ይህንን ነው። ስንት ዘመን ሲነገረን የኖረውን ነገር አንቺ በአንድ ጠዋት በዓይንሽ አረምሽው፤ ደብዳቤሽን በቁም ነገር የያዝኩትም በዚህ ምክንያት ነው።

ሙያው እባብ መያዝ አይደለም። በቪዲዮ እባብ በእጃቸው እያነሱ የሚያሳዩትን ሰዎች እንደ መምህር አትይያቸው። ካርል ሽሚት ለብዙ ዓመታት በቺካጎ የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም ያገለገለ ትልቅ የእባብ ሊቅ ነበር። በፈረንጆቹ 1957 (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶችም በፈረንጆቹ ናቸው) ዝርያውን እንዲለይ የመጣለት አንድ ትንሽ ቡምስላንግ፣ የአፍሪካ የዛፍ እባብ፣ አውራ ጣቱን ነደፈው። ሕክምና ሳይሄድ የሕመሙን ምልክት እየመዘገበ ቆየ፤ በማግስቱ ሞተ። በደንብ የሰለጠኑ ባለሙያዎች ዛሬ እባቡን በረጅም መንጠቆ አንስተው፣ ጭንቅላቱን ግልጽ በሆነ የፕላስቲክ ቱቦ ውስጥ አስገብተው ነው የሚለኩት። አንቺም ይህን ከሚያሠለጥንሽ ሰው ጋር ካልሆነ በቀር እጅሽን አትዘርጊ። ይህን አጥብቄ ነው የምለምንሽ።

ሙያው መታገስ ነው። በኒውዮርክ ሰሜናዊ ተራሮች የምትኖር ቲምበር የተባለች የራትልስኔክ ዝርያ ለመጀመሪያ ጊዜ ለመውለድ 9 ወይም 10 ዓመት ሊወስድባት ይችላል፤ ከዚያም የምትወልደው በየሦስትና በየአራት ዓመቱ ነው። አንዲት እናት ስትገደል የሚጎድለው ለዓመታት አይተካም። ይህን ያወቅነው በየዓመቱ ወደ እባቦቹ ዋሻ አፍ እየተመለሱ፣ ምልክት ያደረጉባቸውን እባቦች ሲቆጥሩ ከኖሩ ሰዎች ነው። ስለ ቃጭሉ የሚወራውም እንዲሁ ነው፤ ብዙ ሰው ቀለበቱን ቆጥሮ የእባቡን ዕድሜ ያወቀ ይመስለዋል። ቃጭሉ እንደ ጥፍራችን ከኬራቲን የተሠራ ነው። ቆዳዋን በገፈፈች ቁጥር አንድ ቀለበት ይጨመራል፣ በዓመት ከአንዴ በላይ ልትገፍ ትችላለች፣ ጫፉ ደግሞ ይሰበራል። ስለዚህ ቆጠራው ዕድሜ አይናገርም።

አሁን ወደ እንጀራው። እውነቱን ልንገርሽ፦ «የእባብ ተመራማሪ» ተብሎ የሚወጣ የሥራ ማስታወቂያ እምብዛም አታገኚም። ደመወዙ የሚመጣው በሌላ ስም ነው። አሪዞና 13 የራትልስኔክ ዝርያዎች ያሉባት ግዛት ናት፤ ከአሜሪካ ግዛቶች በዚህ የሚበልጣት የለም። የግዛቱ የዱር እንስሳት መሥሪያ ቤት ባዮሎጂስቶች ይቀጥራል። በረሃው ላይ መንገድ ወይም የፀሐይ ኃይል ማመንጫ ከመሠራቱ በፊት የእንስሳቱን ይዞታ የሚያጠኑ አማካሪ ድርጅቶችም አሉ። ጀማሪ የሚገባው አብዛኛውን ጊዜ ለጥቂት ወራት በሚቀጠር የመስክ ረዳትነት ነው፤ ክፍያው ትንሽ ነው፣ ፀሐዩም አይቻልም። ሰውነቱ ውስጥ የሬዲዮ ማሰራጫ የተቀበረበትን እባብ በአንቴና እየተከተልሽ ጎህ ሳይቀድ ትወጫለሽ። ይህን አንድ ወቅት ሠርተሽ አሁንም ከወደድሽው ልብሽ አልዋሸሽም።

ለእናትሽ ግን ሌላ ነገር ንገሪያቸው። አገር ቤት ብዙ የደም ግፊት ታማሚዎች የሚውጡት ኢናላፕሪል የተገኘው ካፕቶፕሪል ከተባለ ሌላ የደም ግፊት መድኃኒት ቀጥሎ ነው፤ የካፕቶፕሪል መነሻ ደግሞ የብራዚል እፉኝት መርዝ ነው። አንቺ በምትኖሪበት በረሃ የሚኖረው ጊላ የሚባለው መርዛማ እንሽላሊት ምራቅ ውስጥ የተገኘ ንጥረ ነገር ለስኳር በሽታ መድኃኒት መነሻ ሆኗል፤ መድኃኒቱ በ2005 ተፈቀደ። አሪዞና ውስጥ፣ ፊኒክስና ቱሳን ላይ፣ ሁለት የመርዝ መረጃ ማዕከሎች አሉ፤ እባብ የነደፈው ሰው ሲመጣ ሐኪሞች የሚደውሉት ወደዚያ ነው። ስልኩን የሚያነሱት በአብዛኛው ነርሶችና ፋርማሲስቶች ናቸው። ስለዚህ የእናትሽና የአንቺ መንገድ የሚገናኝበት ቦታ በእርግጥ አለ። ብቻ እሳቸውን ለማስደሰት ብለሽ ነርስነት አትግቢ፤ የታመመ ሰው አጠገብ ልቡ የሌለ ነርስ እንዲቆም አልፈልግም።

ሎረንስ ክላውበርንም አስቢ። የሳንዲያጎ ሰው ነበር፤ የኤሌክትሪክ መሐንዲስ፣ የከተማዋን የጋዝና ኤሌክትሪክ ኩባንያ እስከ መምራት የደረሰ። እባብ ማጥናት የጀመረው ወደ አርባ ዓመቱ ሲጠጋ ነው። በ1956 ስለ ራትልስኔክ በሁለት ጥራዝ ያሳተመው ሥራ እስከ ዛሬ መነሻ ነው።

አንድ የራሴ ምኞት አለኝ፤ ግዴታ አድርገሽ እንዳትወስጂው። በባሌ የሐረና ደን የሚኖር አንድ ትልቅ እፉኝት ለሳይንስ ስም ያገኘው ገና በ2016 ነው። ከአንቺ አገር ወዲያ ማዶ፣ መተማ ላይ፣ ሰሊጥ ሲያጭዱ የሚነደፉትን የቀን ሠራተኞች ታሪክ ከልጅነትሽ ሰምተሽው ይሆናል። ለአፍሪካ እባቦች ይሠራ የነበረውን ፋቭ አፍሪክ የተባለ ማርከሻ አምራቹ በ2014 ማምረት አቆመ። የዓለም ጤና ድርጅት በእባብ መርዝ በየዓመቱ ከ81,000 እስከ 138,000 ሰው ይሞታል ብሎ ይገምታል። በረሃው ያስተማረሽን ይዘሽ አንድ ቀን ወደዚያ ብትመለሺ ደስታዬ ወሰን የለውም።

በዚህ ሴሚስተር ስታትስቲክስና ኬሚስትሪ አንድ ላይ ውሰጂ፤ ወደ ዩኒቨርሲቲ ስትዛወሪ ሁለቱም ይጠየቃሉ። ባዮሎጂ የሚያስተምርሽን መምህር ከክፍል በኋላ አነጋግሪና ያየሽውን ሁሉ ንገሪው፤ የመስክ ሥራ የሚገኘው ብዙ ጊዜ በእንዲህ ያለ ወሬ ነው። ደብተርም ግዢ። ሐምሌ ላይ የበረሃው ዝናብ ሲጀምር ወደዚያው ቋጥኝ ተመለሺ፤ ርቀትሽን ጠብቀሽ ሰዓቱን፣ ሙቀቱን፣ ያየሽውን ጻፊ፤ ምንም ካላየሽም «ምንም አላየሁም» ብለሽ ጻፊ። የመጀመሪያዎቹን አሥር ገጾች ላኪልኝ፤ አነባቸዋለሁ።