«ክሱ ሙት ነው» አሉት፤ ማን ሞተ?

ጥያቄ፦ እንደምን ከረማችሁ? ወንድሜ የአሜሪካ ዜጋ ነው፣ ኑሮውም እዚያው። ፓስፖርቱን ለማሳደስ ካስገባ በኋላ ዛሬ ነገ እያሉ ወራት አንገላቱት። የአባታችን ሙት ዓመት ላይ ሊደርስ ስለፈለገ ጠበቃ ይዞ ፌዴራል ፍርድ ቤት ከሰሰ። ሙት ዓመቱ አለፈ። ቀጠሮው ሲቃረብ ፓስፖርቱ በፖስታ ከች አለ! ደውሎ «ክሱ ሙት ሆነ» ሲለኝ «ማን ሞተ?» ብዬ ጮህኩ፣ እናቴም ከጓዳ እየሮጠች መጣች። አሁን «በድለውኝ ሲያበቁ እንዴት ይዘጋል? ያወጣሁትስ ገንዘብ?» እያለ ይበሳጫል። እውነት ተስፋ የለውም? (እህቱ፣ ከፒያሳ)

መልስ፦ እህቴ፣ አባታችሁን ነፍስ ይማር። ይህ «ሙት» (moot) የእንግሊዝኛ ቃል ነው፤ ነገሩ ግን ከኛው ሙት ብዙም አይርቅም። ዳኛው የሚወስንበት ነገር አልቋል ማለት ነው። የአሜሪካ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 3 ለፌዴራል ዳኞች የሰጠው ሥልጣን ገና ባልሞተ ክርክር ላይ ብቻ ስለሆነ፣ ወንድምሽ የጠየቀው «ፓስፖርቴን ስጡኝ» ብቻ ከሆነና ፓስፖርቱ ኪሱ ከገባ ዳኛው ምን ብሎ ይዘዝ? ሙት ዓመቱ ስላለፈበት ካሳ ልጠይቅ ቢልም፣ በዚህ ዓይነት ክስ ከፌዴራል መንግሥቱ የገንዘብ ካሳ ማግኘት በአብዛኛው አይቻልም።

ግን ሁሌም እንዲህ አይደለም። ፍክሬ የሚባል አሜሪካዊ ነበር (ስሙ ጎረቤት ጎረቤት ይሸታል)፤ አውሮፕላን እንዳይሳፈሩ ከተከለከሉት ሰዎች ዝርዝር ውስጥ ገብቶ እ.ኤ.አ. በ2013 የአሜሪካን መንግሥት ከሰሰ። በ2016 ከዝርዝሩ አወጡትና «በቃ፣ ክሱ ሙት ነው» አሉ። አሁን በእጃችን ባለው መረጃ ተመልሶ አይገባም የሚል ወረቀትም ጨመሩ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በመጋቢት 2024 በሙሉ ድምፅ አልተቀበላቸውም። ተከሳሹ በራሱ ፈቃድ ሲያቆም፣ ድርጊቱን እንደማይደግመው ማሳየት ያለበት እሱ ራሱ ነው፤ «አሁን ባለው መረጃ» የምትለዋ ደግሞ ነገ ሌላ መረጃ ቢመጣስ የሚለውን ክፍት ትተዋለች።

ስለዚህ ወንድምሽ ክሱን መልሶ ያንብበው። ተራ መጓተት ከሆነ፣ እውነቱን ልንገርሽ፣ አልቋል። የከለከሉት ግን በሆነ ሕግ ወይም አሠራር ምክንያት ከሆነና ያ አሠራር ዛሬም ካለ፣ ለሚቀጥለው እድሳትም ይጠብቀዋል፤ ጠበቃው መዝገቡ እንዳይዘጋ ሊከራከር ይገባል።

ገንዘቡ ላይ የምሥራች የለኝም። ፋይል ማስከፈቻው ብቻ 405 ዶላር ነው፣ የጠበቃውን እሱ ያውቀዋል። እ.ኤ.አ. በ2001 የተሰጠ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ውሳኔ፣ ዳኛ ሳያዝ ተከሳሹ በራሱ ጊዜ ካስተካከለ ከሳሹ እንደ ረቺ አይቆጠርም ስለሚል የጠበቃ ክፍያ ማስመለስ ከባድ ነው። እዚህ ልደታ ደጅ ጠንቶ «ወጪና ኪሳራ ግራ ቀኙ የየራሳቸውን ይቻሉ» የሚል ፍርድ ይዞ የወጣ ሰው ንዴቱን ያውቀዋል።

ለእናትሽ ግን ማንም እንዳልሞተ ደግመሽ ንገሪያት።