አስተኛው ወይስ አፈዘዘው?

ጥያቄ፦ «የዶክተር ካሊጋሪ ካቢኔ» የተባለውን ድምፅ አልባ የጀርመን ፊልም ጽሑፎች ለጓደኞቼ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ነው። የድንኳን ትርኢት የሚያሳየው ካሊጋሪ፣ ሣጥን ውስጥ የሚያኖረውን ቼዛሬን በሂፕኖቲዝም (የሰውን ልብ ስቦ እንደ ፈቃድ በማዘዝ) ሲቆጣጠረው «አስተኛው» ልበል፣ «አፈዘዘው» ወይስ «ሂፕኖታይዝ አደረገው»?

መልስ፦ «አፈዘዘው» ይበሉ።

«አስተኛ»ን የሚመርጡ ሰዎች ግሪክኛውን ይጠቅሳሉ። ሂፕኖስ እንቅልፍ ስለሆነ ነገሩ ማስተኛት ነው ይላሉ። አልስማማም። «ሂፕኖቲዝም» የሚለውን ስያሜ ያስፋፋው የስኮትላንዱ ሐኪም ጄምስ ብሬይድ እ.ኤ.አ. በ1843 መጽሐፉን ካሳተመ ከጥቂት ዓመታት በኋላ፣ ነገሩ እንቅልፍ አለመሆኑን አይቶ ስሙን ሊለውጠው ሞክሯል። አልተሳካለትም እንጂ። እሱ የተጸጸተበትን እኛ ለምን እንደግማለን?

ፊልሙን ራሱን ይዩት። እ.ኤ.አ. በ1920 የወጣ ነው። በትርኢት ድንኳኑ ውስጥ ካሊጋሪ ሣጥኑን ይከፍታል። ቼዛሬ ዓይኑን ቀስ ብሎ ይገልጣል፤ ያፈጣል። ከዚያ ይራመዳል፣ የተጠየቀውን ይመልሳል። አላን የተባለው ወጣት «እስከ መቼ እኖራለሁ?» ሲለው «ጎህ እስኪቀድ» ይለዋል። ይህ የተኛ ሰው ነው? አማርኛ ለእንዲህ ያለው «በእንቅልፍ ልቡ» የሚል ግሩም አነጋገር አለው፤ ቼዛሬን «በእንቅልፍ ልቡ የሚሄድ» ይበሉት።

የፈረንሳይ ፊልም ሠሪዎቹ ሜሊየስ እ.ኤ.አ. በ1897፣ አሊስ ጊ በ1898 የማፍዘዝን ትርኢት ወደ ፊልም ሲያመጡት ድምፅ አልነበረም። የአፍዛዡ ቃል ስለማይሰማ ሥራው በእጅና በዓይን መታየት ነበረበት። «ፈዘዘ» ደግሞ የዓይንና የብርሃን ግስ ነው። መብራት ይፈዛል፤ ሰውም አፍጥጦ ፈዞ ይቀራል። «አፍዝ አደንግዝ»ንም ያስቡት። ሁለት ትእዛዝ አንቀጾች ተጋጥመው አንድ ስም ሆኑ። «አደንግዝ» የ«ድንግዝግዝ» ዘመድ ነው፤ ዓይን ማየት የሚያቅተው ሰዓት። ጥላው ሳይቀር በቀለም ለተሳለበት ፊልም ከዚህ የተሻለ ከየት ይመጣል?

የመተት ሽታ አለበት የሚል ይኖራል። አለበት። ለሕክምና ጽሑፍ እኔም አልመርጠውም። ካሊጋሪ ግን ሰው ሰብስቦ ጉድ የሚያሳይ የድንኳን ሰው ነው፤ ሽታው ይስማማዋል።

«ሂፕኖታይዝ አደረገው» ለጆሮዬ አይጥመኝም። ሆኖም ዛሬ ከተሜው የሚለው እሱን ነው፤ ይህን መካድ አልችልም። «ሂፕኖቲዝም» የሚለውን ስምም ተቀብዬዋለሁ። ግሱን ግን አማርኛ እያለው መዋሱ አይዋጥልኝም። ጓደኞችዎ ግር እንዳይላቸው መግቢያው ላይ አንዴ «ሂፕኖቲዝም» ብለው ይጻፉ፤ ከዚያ በኋላ «አፈዘዘው» እያሉ ይቀጥሉ።