የካሪቢያን ደሴቶች እንዴት ነፃ ወጡ? ለመመረቂያ ጽሑፍ ርዕስ ለጠየቅሽው እህት

እህቴ፣ የካሪቢያን ደሴቶች ከቅኝ አገዛዝ ነፃ የወጡበትን መንገድ ለመመረቂያ ጽሑፍሽ ከየት እንደምትጀምሪና ሁሉንም ደሴቶች በአንድነት ማካተት ይቻል እንደሆነ ጠይቀሻል። እኔ በዚሁ ርዕስ የሁለተኛ ዲግሪ ጽሑፌን ስለሠራሁ፣ ከፊትሽ የሚጠብቅሽን ከወዲሁ አውቀዋለሁ። ስለ ስኳር እርሻና ስለ ባሪያ ንግድ ከየትኛውም መጽሐፍ ስለምታገኚ አልደግምልሽም። የምጠቅሳቸው ዓመታት፣ ወራትና ቀናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ አንቺም በመግቢያሽ ይህንኑ አንድ ጊዜ አስታውቀሽ እለፊ።

አንደኛ፣ ሁሉንም ልጻፍ አትበዪ። ሄይቲ በ1804 ነፃነቷን ያወጀችው ከባርነት የወጡ ሰዎች የናፖሊዮንን ጦር ድል ነሥተው ሲሆን፣ ሴንት ኪትስና ኔቪስ በ1983 ነፃ የሆነችው ግን በሕገ መንግሥት ድርድር ነው። ዶሚኒካን ሪፐብሊክ በ1844 የተለየችው ከአውሮፓዊ ገዢ ሳይሆን ከጎረቤቷ ከሄይቲ ነው፤ በ1861 ደግሞ ተመልሳ በስፔን ሥር ገብታ፣ ተዋግታ በ1865 ዳግም ወጥታለች። ኩባ በ1902 ነፃ አገር ብትባልም፣ አሜሪካ በጉዳይዋ ጣልቃ እንድትገባ የሚፈቅደው የፕላት ማሻሻያ እስከ 1934 ድረስ አልተነሣላትም። ማርቲኒክና ጓዴሎፕ እንዲያውም በ1946 የፈረንሳይ ግዛት አካል ሆነው ቀሩ፤ ለዚያ ሕግ በፓሪሱ ምክር ቤት የተከራከረው ደግሞ ቅኝ አገዛዝን አጥብቆ ያወገዘው ገጣሚው ኤሜ ሴዜር ነበር። ይህን ሁሉ በአንድ ምዕራፍ ማጨቅ ጤፍና ባቄላን በአንድ ወንፊት እንደ መንፋት ነው።

ሁለተኛ፣ የብሪታንያን ቅኝ ግዛቶች፣ ከእነርሱም ጃማይካን ምረጪ። እኔ ይህንኑ መርጬ የድጋፍ ደብዳቤ ይዤ ወደ አንድ ቤተ መጻሕፍት በሄድሁ ጊዜ፣ የክፍሉ ኃላፊ «ለሚመለከተው ሁሉ» የሚለውን አንብባ «እኛን አይመለከተንም» ብላ መለሰችልኝ። ደብዳቤው በመሥሪያ ቤቱ ስም ተጽፎ ሲመጣ ቁጥር የለውም፣ ቁጥር ሲወጣለት ደግሞ ማኅተሙ ደብዝዟል ተባልሁ። በመጨረሻም ወረፋ የሚጠብቀው ሰው ሁሉ እየሰማ «የአገርህ ታሪክ አልቆ ነው የሰው ደሴት የምትቆጥረው?» ስትል ጠየቀችኝ። ፋሺስት ጣሊያን በ1935 አገራችንን ሲወርር የትሪኒዳድ የወደብ ሠራተኞች የጣሊያንን መርከብ ጭነት አናራግፍም ማለታቸውን፣ ሄይቲም በመንግሥታት ማኅበር ለኢትዮጵያ መቆሟን ብነግራት፣ መልሷ «ማኅተሙን አሳድስ» የሚል ብቻ ሆነ። አንቺንም እንዲህ የሚሉሽ አይጠፉምና ይህን የትሪኒዳድና የሄይቲን ነገር በመግቢያሽ አስገቢው። ሆኖም አታጋንኚው፤ በ1937 በትሪኒዳድና በባርቤዶስ፣ በ1938 በጃማይካ የተነሣውን የሠራተኛ አመፅ በዋናነት የወለደው የደመወዝ ማነስና የሥራ ማጣት ነው፤ የኢትዮጵያ መወረር ቁጣውን አባባሰው እንጂ ብቻውን አላስነሣውም።

የጽሑፉ እምብርት መሆን ያለበት ይህ አመፅ ነው፤ እኔንም ከአማካሪዬ ጋር ያጣላኝ እርሱ ነው። አማካሪዬ «እንግሊዝ በፈቃዷ ሰጥታቸው ሄደች፤ ታሪኩ ይኸው ነው» ብለው የ1938ቱን ምዕራፍ በሙሉ በቀይ ሠረዙብኝ። እኔ ግን በጃማይካ በፍሮም የስኳር ፋብሪካ ፖሊስ በሠራተኞች ላይ ተኩሶ ሰው መግደሉን፣ የአገሪቱ ሁለት ታላላቅ ፓርቲዎችም ከዚያ ዘመን የሠራተኛ ንቅናቄ ጋር ተያይዘው መብቀላቸውንና መሪዎቻቸው ኖርማን ማንሊና አሌክሳንደር ቡስታማንቴ የሥጋ ዘመዳሞች መሆናቸውን፣ በ1944ም ለአካለ መጠን የደረሰ ሁሉ የመምረጥ መብት ማግኘቱን በቅደም ተከተል አስቀምጬ፣ ምዕራፉን እንዳለ መልሼ አቀረብሁት። ከፈታኞቹ አንዱ ያመሰገኑት ያንኑ ምዕራፍ ነበር፤ አማካሪዬም በዚያች ዕለት አብረው ራሳቸውን ነቀነቁ።

ቀጥሎ ፌዴሬሽኑን በሚገባ ሥሪው፤ ብዙ ጸሐፊዎች በሁለት መስመር ያልፉታል። ብሪታንያ በ1958 አሥር ግዛቶችን በአንድ የዌስት ኢንዲስ ፌዴሬሽን ስታሰባስብ፣ ሐሳቡ ሁሉም በአንድነት ነፃ እንዲወጡ ነበር። ጃማይካ ግን ከግማሽ የሚበልጠውን ሕዝብና መሬት ይዛ ከ45 የምክር ቤት መቀመጫዎች 17 ብቻ ተሰጣት፤ ዋና ከተማው ፖርት ኦፍ ስፔንም ከእርሷ ከአንድ ሺህ ኪሎ ሜትር በላይ ይርቅ ነበር። የትናንሾቹን ደሴቶች ወጪ ተሸካሚ እንሆናለን የሚለው ስጋት በረታና፣ በመስከረም 1961 በተደረገው ሕዝበ ውሳኔ 54 በመቶው ድምፅ ሰጪ መውጣትን መረጠ። የትሪኒዳዱ መሪ ኤሪክ ዊሊያምስም «ከአሥር አንድ ሲቀነስ ዜሮ ይቀራል» ብሎ አገሩን አስወጣ። ያኔ ጃማይካን ይመራ የነበረውና ሕዝበ ውሳኔውን የጠራው ማንሊ ራሱ የፌዴሬሽኑ ደጋፊ ነበር፤ በሚያዝያ 1962 ምርጫውንም ተሸነፈ፤ ነሐሴ 6 ቀን ጃማይካ ነፃ ስትወጣ ጠቅላይ ሚኒስትር የሆነው ቡስታማንቴ ነው። ትሪኒዳድና ቶቤጎ በዚያው ወር በ31 ተከተለች። ከዚያ በኋላ የቀሩት በየተራ የወጡት፣ በአንድነት የሚወጡበት በር ስለተዘጋ ነው፤ ባርቤዶስ በ1966፣ ግሬናዳ በ1974፣ ዶሚኒካ በ1978፣ ሴንት ሉሺያ በ1979 እያለ ይቀጥላል። እነዚህን በሠንጠረዥ አስቀምጫቸው፤ ለእያንዳንዳቸው ገጽ አታባክኚ።

አንጉዊላን ግን እንዳትዘያት። በ1967 ከሴንት ኪትስና ከኔቪስ ጋር ተጣምራ የውስጥ አስተዳደር ሲሰጣቸው፣ በሴንት ኪትስ መተዳደርን እንቢ ብላ የተላኩባትን ፖሊሶች አባረረች፤ በ1969ም የብሪታንያ ወታደሮች ወረዱባት። ዛሬም በገዛ ምርጫዋ የብሪታንያ ግዛት ናት። ፈታኞች እርግጠኛ ሆነሽ በጻፍሽው ላይ የሚጥሉብሽ ጥያቄ ከዚህች ደሴት ይመጣልና፣ መልስሽን አስቀድመሽ ጽፈሽ ግቢ።