አቼቶ የሚሸት ፊልም ይጣላል እንዴ?

ጥያቄ፦ ሰላም አዘጋጆች፣ አጎቴ ካሜራ ማን ነበር፣ ካረፈ በኋላ ዕቃ ቤቱ ውስጥ 16 ሚሊሜትር ፊልም ያለባቸው ጣሳዎች አገኘን። ሲከፈቱ አቼቶ አቼቶ ይሸታሉ። ዶክመንተሪ የሚሰራ ጓደኛዬ ሊጠቀምባቸው ፈልጓል፣ ስካን አስደርገን ኦሪጅናሉን ብንጥለው ምን ችግር አለው?

መልስ፦ ወንድማችን፣ እባክህ እንዳትጥለው! ፕሮጀክተር ላይ አድርገህም እንዳታየው፣ ያረጀ ፊልም እዛ ላይ በቀላሉ ይበጠሳል። ሽታው ምን መሰለህ፣ ፊልሙ የተሰራበት አሲቴት የሚባለው ፕላስቲክ እየፈረሰ አሲድ ሲለቅ ነው፣ አሲዱ ደግሞ እዛው ጣሳ ውስጥ ታፍኖ መፍረሱን ያፋጥነዋል፣ ከዛ ፊልሙ ይኮማተርና ጠርዙ ላይ ያሉት ቀዳዳዎች ፊልሙን ከሚጎትተው ማሽን ጥርስ ጋር አልገጥም ይላሉ። ስለዚህ የሚሸቱትን ከማይሸቱት ለይተህ ቀዝቃዛና ደረቅ ቦታ አስቀምጣቸው። ቅዝቃዜ የተበላሸውን አይመልስም፣ ፋታ ግን ይሰጥሃል። ስካን የሚያደርግልህን ሰውም ማሽኑ ጥርስ አለው ወይ ብለህ ጠይቀው፣ የተኮማተረ ፊልም ሳይጎትቱ የሚያሳልፉ ጥርስ የሌላቸው ስካነሮች አሉ።

ለምን አይጣልም ላልከው የሜትሮፖሊስን ታሪክ ልንገርህ። የዚህ የ1927 የጀርመን ፊልም ጠፍተው የነበሩ ትዕይንቶች በ2008 ቦነስ አይረስ ውስጥ ተገኙ፣ ዓለም በደስታ አበደ፣ ግን የተገኘው ወደ 16 ሚሊሜትር የተገለበጠ ኮፒ ነበር፣ የተገለበጠው ከ35 ሚሊሜትር ፊልም ነው፣ እሱ ግን ዛሬ የለም። ሲገለብጡት ጭረቱና ቆሻሻው አብሮ ታተመ፣ የምስሉም ጠርዝ ተቆረጠ፣ ስንት ባለሙያ ቢደክምበት ዛሬም ድረስ እነዛ ትዕይንቶች ላይ ጭረቱ ይታያል። ያንተም ስካን እንደዛው ነው፣ በዛሬ ማሽን አቅም የተወሰደ ኮፒ ነው፣ ነገ የተሻለ ሲመጣ የምትመለሰው ወደ ሪሉ፣ ማለትም ወደ ኦሪጅናሉ የፊልም ጥቅል ነው፣ ሃርድ ዲስክ ደግሞ ሳያስጠነቅቅ ይሞታል።

ጓደኛህን በተመለከተ፣ ሪሉ እጅህ ላይ መሆኑ ብቻ መብቱ ያንተ ነው ማለት አይደለም። አጎትህ ተቀጥሮ የቀረጸው ከሆነ ባለመብቱ አሰሪው ሊሆን ይችላል፣ ይሄ ሳይጣራ ዶክመንተሪ ውስጥ የገባ ፉቴጅ (የተቀረጸ ምስል) በኋላ ፊልሙን ከመታየት ሊያስቀረው ይችላል። ማን ቀረጸው፣ መቼ፣ የት፣ ለማን የሚለውን የሚመልስልህ ብዙ ጊዜ ምስሉ ሳይሆን ጣሳው ላይ የተለጠፈችው ወረቀት ናት፣ እሷን በጣም ተጠንቀቅላት። ጣሳ ከመቀየርህ በፊት ሁሉንም ፎቶ አንሳ፣ ቁጥር ስጣቸው። ፊልሙ ጠርዝ ላይ የምታያቸው ትንንሽ ምልክቶች ደግሞ ፊልሙ የተመረተበትን ዓመት እንጂ የተቀረጸበትን አይናገሩም፣ እዚህ ላይ የሚሳሳት ሰው ብዙ ነው።

ከአጎትህ ጋር የሰሩ ሰዎች በሕይወት ካሉ ስካኑ እንዳለቀ አሳያቸው፣ ማን ማን እንደሆነ እየነገሩህ ጻፍ፣ ይሄን ሥራ ለሌላ ጊዜ አታቆየው።